የካባካ ዳግማዊ ሙቴሳ ዜና ሕይወት

የቡጋንዳው ንጉሥ ካባካ ዳግማዊ ሙቴሳ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1924 ተወልደው በ1939 ነገሡ። እንግሊዞች በ1953 ከአገር ቢያስወጧቸውም፥ ሕዝቡ አጥብቆ ስለ ተቃወመ በ1955 ወደ ዙፋናቸው ተመለሱ። በ1961 የተመሠረተው «ካባካ የካ»፥ ማለት «ንጉሡ ብቻ» የተባለው ማኅበር፥ ከፓርቲዎች ሁሉ በላይ ዘውዱንና የአባቶችን ሥርዓት ለማስከበር የቆመ ነበር። ማኅበሩ ከሚልተን ኦቦቴ ፓርቲ ጋር ተባብሮ ዩጋንዳን በ1962 ለነጻነት አበቃ፤ ንጉሡም በ1963 የመላው አገር ፕሬዚዳንት ሆኑ። ነገር ግን ለአንዱ ሕዝብ ንጉሥ፥ ለሁሉም ፕሬዚዳንት ሆኖ መኖር አልተቻለም። በ1966 የኦቦቴ ጦር በካምፓላ የሚገኘውን የመንጎን ቤተ መንግሥት ወረረ፤ በ1967 ዘውዱ ተሻረ፤ ንጉሡም በ1969 በስደት ለንደን ላይ ዐረፉ። በ1993 ልጃቸው ሮናልድ ሙቴቢ የፖለቲካ ሥልጣን ሳይኖራቸው ነገሡ። ማኅበሩ በፖለቲካ ሊያጸናው ሲል ያሳጣውን ዙፋን የሕዝቡ ፍቅር መለሰው።