ውለታቸውን ያልከፈልናቸው ጎረቤት፡ ሞሐመድ አሚን

ማኅበራችን ኢዮቤልዩውን ሲያከብር የመሠረቱትና ያገለገሉት ወገኖች ሁሉ ይታወሳሉ። የማኅበራችን አባል ያልነበሩ፣ ኢትዮጵያዊም ያልሆኑ የአንድ ሰው ስም ግን ተዘሎ እንዳይቀር ብለን ይህችን አጭር የሕይወት ታሪክ አቅርበናል። እኚህ ሰው የናይሮቢው የፊልም ባለሙያ ሞሐመድ አሚን ናቸው።

ሞሐመድ አሚን እ.ኤ.አ. በ1943 ዛሬ ብዙዎቻችን በምንኖርበትና በምንነግድበት በኢስሊ ሰፈር ተወለዱ። ቤተሰባቸው ከፑንጃብ የመጣ ሲሆን አባታቸው የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበሩ። ያደጉት በዳሬሰላም ነው። ገና ተማሪ ሳሉ በአንዲት አሮጌ ካሜራ ፎቶ ማንሳት ጀመሩ። እ.ኤ.አ. በ1963 ካሜራፒክስ የተባለውን የራሳቸውን ድርጅት አቋቋሙ። የማንም ደመወዝተኛ ሳይሆኑ የቀረጹትን ፊልም ለዓለም የዜና ድርጅቶች ያቀርቡ ጀመር። ነጋዴ የሆንን ሁሉ እንደምናውቀው፣ በራስ ቆሞ የሚሠራ ሰው ትርፉም ኪሳራውም የራሱ ነው። እሳቸውም እ.ኤ.አ. በ1966 ዛንዚባር ውስጥ ታስረው ለአንድ ወር ያህል ተሰቃይተዋል። እ.ኤ.አ. በ1969 የኬንያው ሚኒስትር ቶም ምቦያ ናይሮቢ ውስጥ በተገደሉ ጊዜ ፈጥነው ደርሰው የቀረጹት ፊልም ስማቸውን በዓለም አስጠራ።

ከእኛ ጋር ያስተሳሰራቸው ትልቁ ሥራ የተሠራው በ1977 ዓ.ም. በጥቅምት ወር ነው። አሥረኛው የአብዮት በዓል በድምቀት ከተከበረ ገና ሁለት ወር አልሞላም። በወሎና በትግራይ ሕዝቡ በረሃብ ይረግፍ ነበር። ሞሐመድ አሚን ከቢቢሲው ጋዜጠኛ ከማይክል በርክ ጋር ኮረም ደርሰው በጠዋቱ ብርድ ሜዳ ላይ የተኛውን ሕዝብ ቀረጹ። ፊልሙ ጥቅምት 13 ቀን በቢቢሲ ታየ። ከዚያም ከ400 በላይ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች ተቀባበሉት። ቦብ ጌልዶፍም ይህንኑ አይቶ ሙዚቀኞችን አስተባበረ፤ በሐምሌ ወር የላይቭ ኤይድ ኮንሰርት ተደረገ፤ እህል በመርከብና በአውሮፕላን ገባ።

እውነቱን ለመናገር፣ በዚያ ፊልም የተነሣ በሰው አገር አንገታችንን የደፋንበት ጊዜ ነበር። አገራችሁ የት ነው ተብለን ኢትዮጵያ ባልን ቁጥር የሚነሣብን ረሃቡ ነበር። አንዳንዶቻችንም ምነው ባልታየ እስከማለት ደርሰናል። ነገር ግን ያ ፊልም ባይታይ ኖሮ ያ እህል በዚያ ፍጥነት አይደርስም ነበር። የእኛ ኀፍረት ከሰው ነፍስ ጋር አይመዘንም።

ሞሐመድ አሚን ከዚያም በኋላ ወደ አገራችን መመላለሳቸውን አላቋረጡም። ግንቦት 27 ቀን 1983 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ የጥይት መጋዘን ሲቃጠል ሊቀርጹ ሄደው በፍንዳታው ግራ እጃቸውን አጡ። የድምፅ ባለሙያቸው ጆን ማታይ እዚያው ሞተ። እሳቸው ግን ሰው ሠራሽ እጅ አስገጥመው ወደ ካሜራቸው ተመለሱ።

ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ ወደ ቤታቸው ሲመለሱ፣ የተሳፈሩበት የኢትዮጵያ አየር መንገድ ቦይንግ 767 በሦስት ሰዎች ተጠለፈ። ነዳጅ ጨርሶ ኮሞሮስ ደሴት አጠገብ ባሕር ላይ ወደቀ። ከ175ቱ ሰዎች 125ቱ ሲያልቁ ሞሐመድ አሚንም በ53 ዓመታቸው አብረው ሞቱ። ከአደጋው የተረፉ መንገደኞች እንደመሰከሩት እስከ መጨረሻው ቆመው ከጠላፊዎቹ ጋር ይነጋገሩ ነበር።

እጃቸውን በአገራችን መሬት ላይ፣ ሕይወታቸውን በአገራችን አውሮፕላን ውስጥ ሰጡ። ይህ ከሆነ ከ25 ዓመት በላይ አልፏል። ኢስሊ የተወለዱ ልጆቻችን ግን በየቀኑ በሚመላለሱበት ሰፈር እንዲህ ያለ ሰው መወለዱን አያውቁም። ወላጆች ሆይ፣ ይህን መጽሔት ወደ ቤት ስትወስዱ ይህችን ገጽ ለልጆቻችሁ አንብቡላቸው። እኛም ልንከፍል የምንችለው ይህችኑ ነው። ፈጣሪ ነፍሳቸውን በገነት ያኑርልን።