ፖል ሞርፊ፦ ቼዝን ሙያዬ ያላለው የቼዝ ሊቅ

የቼዝ ጨዋታ ለአገራችን ሰው ፈጽሞ እንግዳ አይደለም፤ የቅርብ ዘመዱ የሆነውን ሰንጠረዥን አባቶቻችን በየቤተ መንግሥቱና በየመኳንንቱ አዳራሽ ሲጫወቱት ኖረዋል። በዚህ እትም ታሪኩን የምናነሣው ሰው ግን ከእኛ ርቆ በሰሜን አሜሪካ፣ በሉዊዚያና ግዛት፣ በኒው ኦርሊንስ ከተማ ተወልዶ እዚያው ያረፈ ካቶሊካዊ ነው። ስሙ ፖል ቻርልስ ሞርፊ ይባላል። በ21 ዓመቱ በዓለም ላይ የሚስተካከለው ተጫዋች አልተገኘም ነበር። ብዙም ሳይቆይ ከአደባባይ ውድድር ራሱን አገለለ። የቀረውን ዕድሜውን ያሳለፈው ግን ሰዎች ከቼዝ ተጫዋችነት በቀር ሌላ ማንነት ሊያዩለት ባለመፍቀዳቸው እየተቸገረ ነው። (ዘመናቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሞርፊ የተወለደው ጁን 22 ቀን 1837 ነው። አባቱ አሎንዞ ሞርፊ በትውልዳቸው ከስፔንና ከአይርላንድ የሚወለዱ የሕግ ሰው ሲሆኑ፣ በኋላ የሉዊዚያና ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ ሆነዋል። እናቱ ከከተማይቱ ነባር የፈረንሳይ ቤተሰቦች የተወለዱ፣ ሙዚቃ የሚወዱ እመቤት ነበሩ። ቤታቸው የተደላደለ ነበር። ይሁንና ኒው ኦርሊንስ በዚያ ዘመን በአሜሪካ ከሁሉ የሚበልጠው የባሪያ ገበያ የሚቆምባት ከተማ እንደ ነበረችና የእንዲህ ያሉ ቤቶች ምቾት ከዚያ ግፍ ተለይቶ ሊታይ እንደማይችል አንባቢ ልብ ሊለው ይገባል።

ብላቴናው ቼዝን ማንም ሳያስተምረው፣ አባቱና አጎቱ ሲጫወቱ አጠገባቸው ተቀምጦ በማየት ብቻ እንደ ተማረ ይነገራል። ይህ እውነትም ይሁን የኋላ ሰዎች ያሳመሩት፣ በ1850 የሆነው ግን የታወቀ ነው። ከአገሩ አብዮት ሸሽቶ የተሰደደው የሃንጋሪው ስመ ጥር ተጫዋች ሌቨንታል በኒው ኦርሊንስ ሲያልፍ ከአንድ የ12 ዓመት ልጅ ጋር እንዲጫወት ተጠየቀ፤ ልጁም አሸነፈው።

በዚያው ዓመት ወላጆቹ ሞቢል በምትባለው የአላባማ ከተማ ወደሚገኘው ስፕሪንግ ሂል ኮሌጅ ላኩት። ይህ ኮሌጅ በ1830 በሞቢል ጳጳስ በሚካኤል ፖርቲዬ የተመሠረተ ሲሆን፣ ከ1847 ጀምሮ ኢየሱሳውያን አባቶች ያስተዳድሩት ነበር። ሞርፊ በዚያ በቋንቋም በሒሳብም ከብልጦቹ ተማሪዎች አንዱ ሆነ። በ1854 ትምህርቱን ፈጽሞ ሒሳብና ፍልስፍና ለማጥናት አንድ ዓመት ጨመረ። ከዚያ ወደ ከተማው ተመልሶ ሕግ ተማረና በ1857 በ19 ዓመቱ ተመረቀ። የሉዊዚያናን የፍትሐ ብሔር ሕግ ከሞላ ጎደል በቃሉ ይወጣው ነበር ይባላል። የሚያሳዝነው ነገር እዚህ ላይ ይጀምራል፤ በጥብቅና ለመቆም ዕድሜው ገና ስላልደረሰ መጠበቅ ነበረበት። ዓለምን ያስደነቀው ቼዝ እንግዲህ ወጣቱ ጠበቃ ለሥራው ዕድሜ እስኪሞላ ድረስ ጊዜውን ያሳለፈበት ነበር።

በ1857 መጸው በኒው ዮርክ የተደረገውን የመጀመሪያውን የአሜሪካ የቼዝ ጉባኤ፣ በመጨረሻው ዙር ሉዊስ ፖልሰንን ድል አድርጎ አሸነፈ። ለአሸናፊው የተመደበውን ገንዘብ አልቀበልም ስላለ በምትኩ የብር ዕቃዎች ተሰጡት። ለእርሱ ለቼዝ ገንዘብ መቀበል እንደ ቁማርተኛ መቆጠር ነበር።

በ1858 ወደ አውሮፓ ተሻገረ። ዋናው ምኞቱ ከእንግሊዛዊው ከሐዋርድ ስታውንተን ጋር መጋጠም ነበር። ስታውንተን ግን የሼክስፒርን ድርሰቶች ለሕትመት በማዘጋጀት መያዙን ምክንያት አድርጎ ቀኑን ሲያራዝም ቆይቶ ጨዋታው ሳይሆን ቀረ። ሞርፊም ወደ ፓሪስ አመራ። በዚያ በሴፕቴምበር ወር፣ ካፌ ደ ላ ሬዣንስ በተባለው የታወቀ የቼዝ ቤት፣ ሰሌዳ ሳያይ ከ8 ጠንካራ ተጫዋቾች ጋር በአንድ ጊዜ ተጋጠመ። እህል ውኃ ሳይቀምስ 10 ሰዓት ያህል በወንበሩ ላይ ቆየ፤ 6ቱን አሸንፎ 2ቱን አቻ ወጣ። ጸሓፊው የነበረው ሰው እንደ መሰከረው፣ በማግስቱ በማለዳ ቀስቅሶት የስምንቱንም ጨዋታ እርምጃ በሙሉ ከአእምሮው አስጻፈው።

ከጀርመናዊው ሃርቪትስ ጋር ባደረገው ግጥሚያ ያለ ውድ ፈቃዱ የደረሰውን የመያዣ ገንዘብ ለራሱ አላስቀረውም፤ ሌላው ታላቅ ተጫዋች አዶልፍ አንደርሰን ወደ ፓሪስ የሚመጣበት የመንገድ ወጪ እንዲሆን አደረገው። አንደርሰን በብሬስላው ከተማ የሒሳብ መምህር ነበር፤ ከትምህርት ገበታ የሚለቀቀው ለገና ዕረፍት ብቻ ስለሆነ በዲሴምበር መጣ። ሞርፊ በዚያን ጊዜ በብርቱ ታሞ፣ ሐኪሞች ደሙን በአልቅት አስመጥጠውት፣ ከአልጋ ለመነሣት እንኳ ይቸገር ነበር። እንዲያም ሆኖ 7 ጊዜ አሸነፈ፤ 2 ጊዜ ተሸነፈ፤ 2 ጊዜ አቻ ወጣ። መምህሩ ሽንፈቱን ያለ ምንም ሰበብ በጨዋነት ተቀበለ።

በፓሪስ ኦፔራ አዳራሽ በብራውንሽቫይግ መስፍን ልዩ መቀመጫ የተደረገው ጨዋታም የዚሁ ዓመት ነው። መስፍኑና አንድ ባላባት እየተመካከሩ በአንድነት ገጠሙት። ሙዚቃ ወዳዱ ሞርፊ ጀርባውን ለመድረኩ ሰጥቶ ስለ ተቀመጠ ትርዒቱን ማየት አቅቶት ተበሳጨ ይባላል። ምናልባትም ለዚህ ይሆናል፣ ንግሥቱን ሳይቀር ሠውቶ በ17ኛው እርምጃ ጨዋታውን ዘጋው። ጀማሪዎች እስከ ዛሬ ድረስ በዚህ ጨዋታ ይማራሉ፤ ጠጠሮቹ ሁሉ ያለ ሥራ ሳይቀመጡ እንዴት ተባብረው እንደሚያጠቁ ያሳያልና።

በ1859 ወደ አሜሪካ ሲመለስ ኒው ዮርክና ቦስተን እንደ ጦር ጀግና ተቀበሉት። ባደረገው ንግግር ግን ቼዝ የአእምሮ ማረፊያ እንጂ የሕይወት ሥራ መሆን እንደማይገባው፣ ሰውንም ከቁም ነገር ሊያስተጓጉለው እንደማይገባ ተናገረ። የሚመጣበት ቢገኝ አንድ ወታደርና የመጀመሪያውን እርምጃ ለቅቆ ለመጫወት ፈቃደኛ መሆኑን አስታወቀ፤ ማንም ደፍሮ አልመጣም። በኒው ዮርክ ሌጀር ጋዜጣ ላይ በክፍያ ስለ ቼዝ ለጥቂት ጊዜ መጻፉም አይዘነጋም፤ በሐሳቡ ጽኑ ነበር ስንል ፍጹም ነበር ማለታችን አይደለም።

አሁን ዕድሜው ስለ ደረሰ ወደ ጥብቅና ሊገባ ነበር። በ1861 ግን የርስ በርስ ጦርነት ተነሣ፤ በሚቀጥለው ዓመት ከተማው በሰሜን ጦር ተያዘች። እርሱም በሃቫና በኩል ወደ ፓሪስ ሄደ። ከተመለሰ በኋላ ቢሮ ቢከፍትም አልቀናውም፤ በሩን የሚያንኳኩት ባለጉዳዮች ሳይሆኑ ስለ ቼዝ ሊያወጉ የሚመጡ ሰዎች ነበሩ። ከቅርብ ወዳጁና ከኮሌጅ ጓደኛው ከቻርልስ ሞሪያን ጋር እስከ 1869 ድረስ ፈረስ እየለቀቀለት ይጫወት ነበር፤ ከዚያ በኋላ ያንንም ተወ።

በ1870ዎቹ አእምሮው ታወከ። በአባቱ ውርስ ምክንያት የእኅቱን ባል ጠርጥሮ ከሰሰ፤ ምግብ ይመርዙብኛል ብሎ እናቱ ወይም እኅቱ ካላዘጋጁለት በቀር አይቀምስም ነበር። ቤተ ሰቡ ካቶሊካውያን ወደሚያስተዳድሩት የአእምሮ ሕሙማን መጠለያ ወሰዱት። እርሱ ግን ጤነኛ መሆኑንና ያለ ፈቃዱ ሊያዝ እንደማይችል በሕግ አንቀጽ እየጠቀሰ ስለ ተከራከረ ሊቀበሉት አልደፈሩም፤ ይዘውት ተመለሱ። ሙሉ ጥብቅናውን የሠራው በዚያች ቀን ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ቼዝ አሳበደው የሚለው የተለመደ ወሬ ግን ሚዛን አይደፋም፤ ሕመሙ ሲብስ ጨዋታውን ከተወ ዓመታት አልፈዋል። በ1883 የዘመኑ ታላቅ ተጫዋች ሽታይኒትስ ሊያገኘው በመጣ ጊዜ ስለ ቼዝ ላለመናገር ተስማምቶ ነው ጥቂት ደቂቃ የተፈቀደለት።

ጁላይ 10 ቀን 1884 በቀትር ሐሩር በእግሩ ሲመላለስ ቆይቶ ገላውን ለመታጠብ ገባ፤ ሲቆይባቸው ቤተ ሰቡ በመታጠቢያው ውስጥ ሞቶ አገኙት። ዕድሜው 47 ነበር። ከተማው በሚገኘው በቅዱስ ሉዊስ የመጀመሪያው መካነ መቃብር፣ በቤተ ሰቡ መቃብር ተቀበረ። እናቱም በጥቂት ወራት ውስጥ በጃንዋሪ 1885 ተከተሉት። የኖረበት የሮያል ጎዳና ቤት ዛሬ ምግብ ቤት ነው፤ በገንዘብ ፈንታ የተቀበላቸው የብር ዕቃዎች ደግሞ ከሞቱ በኋላ በጨረታ ተሸጡ።