ሃርቪ ኩሺንግ፦ ስማቸው ለሰውም ለፈረስም በሽታ የተሰጠ ሐኪም

በዕድሜ የገፉ ፈረሶችን የሚይዝ አንድ የሆርሞን በሽታ አለ። ፈረሱ በብርድ ወራት ያበቀለው ረጅም ጸጉር ሙቀት ሲመጣ አይረግፍለትም። የጀርባው ጡንቻ ይሟሽሻል፣ ሆዱ ይወርዳል፣ ውኃ መጠጣትና መሽናት ያበዛል። ባለቤቶች ብዙ ጊዜ «አረጀ» ብለው ያልፉታል። የእንስሳት ሐኪሞች ይህን በሽታ ለረጅም ጊዜ የፈረስ ኩሺንግ ሲሉት ቆይተዋል፤ ስሙ የተወሰደው ግን ሰዎችን ያክሙ ከነበሩ የአንጎል ቀዶ ሐኪም ነው።

ሃርቪ ኩሺንግ እ.ኤ.አ. በ1869 በአሜሪካ ኦሃዮ ግዛት፣ ክሊቭላንድ ከተማ ተወለዱ። ለወላጆቻቸው 10ኛና የመጨረሻ ልጅ ነበሩ። አባታቸው፣ አያታቸውና ቅድመ አያታቸው ሐኪሞች ነበሩ። እሳቸውም በ1895 ከሃርቫርድ የሕክምና ትምህርት ቤት ተመረቁ።

ገና ተማሪ ሳሉ ኤተር በሚባለው ማደንዘዣ ያስተኙት አንድ ታማሚ ሞተባቸው። ይህ በቀላሉ የሚረሱት ነገር አልሆነም። ከትምህርት ጓደኛቸው ከኧርነስት ኮድማን ጋር ሆነው ታማሚው በማደንዘዣ ላይ ሳለ የልብ ምቱና አተነፋፈሱ የሚመዘገብበት ሰንጠረዥ አዘጋጁ። በ1901 ደግሞ በጣሊያን ፓቪያ ያዩትን፣ ክንድ ላይ የሚጠመጠም የደም ግፊት መለኪያ ይሠሩበት ወደነበረው ወደ ባልቲሞር ይዘው ተመለሱ። ዛሬ ሐኪም ቤት ሲሄዱ ነርሷ ክንድዎ ላይ የምታስረው መሣሪያ የዚያ ዘር ነው።

በዚያ ዘመን የራስ ቅልን ከፍቶ ቀዶ ሕክምና ማድረግ ታማሚውን ለሞት እንደመስጠት ይቆጠር ነበር። ኩሺንግ በዝግታና በጥንቃቄ በመሥራት በእጃቸው የሚሞቱትን ታማሚዎች ቁጥር ከ10 በመቶ በታች አወረዱ። ከእሳቸው ጋር መሥራት ቀላል አልነበረም፤ ረዳቶቻቸውን ያስጨንቁ ነበር፣ ቤታቸውም ብዙ ጊዜ አይገኙም ነበር። በ1926 የመጀመሪያ ልጃቸው ዊልያም በመኪና አደጋ ሲሞት፣ ለባለቤታቸው መርዶውን ከነገሩ በኋላ በዚያው ቀን ወደ ቀዶ ሕክምና ክፍል ገብተው ሠርተዋል። ጥንካሬ ነው ወይስ ሌላ መሸሸጊያ ማጣት፣ አንባቢ ይፍረድ።

ከሁሉ በላይ ቀልባቸውን የሳበችው ፒቱታሪ ናት። ይህች ከአንጎል ሥር የምትገኝ፣ አተር የምታህል ዕጢ ሌሎች የሆርሞን ዕጢዎችን ታዛለች። በ1912 ስለ እሷ ባሳተሙት መጽሐፍ ውስጥ የ23 ዓመት ሴት ታማሚ ታሪክ አለ። የወር አበባዋ ቀርቷል፣ ፊቷና ሆዷ ወፍሯል፣ ጸጉር ባልነበረበት ቦታ በቅሏል። ጥፋቱ የየትኛው ዕጢ እንደሆነ ያኔ አላወቁም። ፍርዳቸውን አላቻኮሉም፤ ታማሚዎችን ፎቶ እያነሱ፣ መዝገብ እየያዙ ተመሳሳይ ሰዎችን ፈለጉ። በ1932፣ ከ20 ዓመት በኋላ፣ የ12 ታማሚዎችን ታሪክ አሰባስበው መነሻው በፒቱታሪ ላይ የሚበቅል ትንሽ ዕባጭ መሆኑን ጻፉ። ኮርቲሶል የሚባለው ሆርሞን ገና ተለይቶ አልታወቀም ነበር። ዛሬ ዕባጩ አድሬናል ዕጢዎችን ያለ ልክ ኮርቲሶል እንዲያመነጩ እንደሚያዝ እናውቃለን።

እዚህ ላይ ለአንባቢ አንድ ነገር መጠቆም ያስፈልጋል። በሰው ላይ እነዚህን ምልክቶች በብዛት የሚያመጣው የፒቱታሪ ዕባጭ ሳይሆን እንደ ፕሬድኒሶሎን ያሉ መድኃኒቶችን ለረጅም ጊዜ መውሰድ ነው። ፊትዎ ከከበበ፣ ሆድዎ ላይ ወይን ጠጅ መሳይ ሰንበር ከወጣ፣ ቆዳዎ በትንሽ ነገር ከበለዘ፣ የሚወስዱትን መድኃኒት ሁሉ ለሐኪም ያሳዩ። መድኃኒቱን ግን በራስዎ ውሳኔ በድንገት አያቁሙ፤ ይህ ለሕይወት ያሰጋል።

ኩሺንግ በ1939 በ70 ዓመታቸው በልብ ሕመም ሞቱ። አስከሬናቸው ሲመረመር በገዛ አንጎላቸው ውስጥ ጉዳት ያላደረሰ ትንሽ ውኃ ቋጠሮ ተገኘ።

ስማቸው ወደ ፈረስ የተሻገረው በሽታው ከፒቱታሪ በመነሳቱ ነው። ውስጡ ግን ይለያል። በሰው ላይ ዕባጩ የሚበቅለው በዕጢዋ የፊት ክፍል ሲሆን በፈረስ የሚታመመው መካከለኛው ክፍል ነው። ዶፓሚን እያቀበሉ ይህን ክፍል የሚገቱት የነርቭ ሕዋሳት ከዕድሜ ጋር ሲሞቱ፣ ክፍሉ ልጓሙ እንደተፈታ ሆኖ ሆርሞን ያመርታል። በሽታው በብዛት የሚታየው 15 ዓመት ባለፋቸው ፈረሶች ላይ ነው። ከጸጉሩ በፊት የሚመጡ ምልክቶችም አሉ፦ መፍዘዝ፣ የጡንቻ መሟሸሽ፣ ቶሎ የማይድን ቁስል። አስከፊው የሰኮና ሕመም ነው፤ በሰኮናው ውስጥ ያለው ሥጋ ተቆጥቶ ፈረሱን መቆም እስኪያቅተው ያሠቃየዋል፣ ብዙ ፈረሶችም ለሞት የሚዳረጉት በዚህ ነው።

የእንስሳት ሐኪሙ ደም ወስዶ ኤሲቲኤች የተባለውን ሆርሞን ይለካል። ይህ ሆርሞን በአውሮፓና በሰሜን አሜሪካ በነሐሴና በጥቅምት መካከል በጤነኛ ፈረስም ከፍ ስለሚል ውጤቱ ከወሩ ጋር ተያይዞ ይነበባል። በሽታው አይድንም፤ ነገር ግን ፐርጎላይድ የተባለው ክኒን በየቀኑ ዕድሜ ልክ ሲሰጥ ብዙ ፈረሶች ይሻላቸዋል። ክኒኑ ብቻውን አይበቃም። ጸጉሩ ይሸለታል፣ ሰኮናው በየጊዜው ይስተካከላል፣ ጥርሱ ይታያል፣ የጥገኛ ትሎች ምርመራ ይደረጋል። የኢንሱሊን ችግር ያለበት ከሆነም ስኳር የበዛበት ለምለም ሣርና እህል ይቀነስለታል።

ፐርጎላይድ ቀድሞ ለሰው የፓርኪንሰን በሽታ ይሰጥ ነበር። የልብ ቫልቭን እንደሚጎዳ ስለታወቀ በ2007 በአሜሪካ ለሰው መሸጡ ቀርቷል። ስለዚህ ለፈረሱ ክኒን የሚሰጥ የቤተሰብ አባል አይፈጨው፣ ሲሰጥም ጓንት ያድርግ፣ ከሰጠ በኋላም እጁን ይታጠብ። ነፍሰ ጡርና የምታጠባ እናት ባትነካው ይሻላል። ልጅ በማይደርስበት ቦታ ተቆልፎ ይቀመጥ፤ ሰው በስህተት ከዋጠው ማሸጊያውን ይዞ ወዲያውኑ ወደ ሐኪም ቤት ይሂድ።