ብሩስ ሊ፦ አሽከርም፣ የበረዶ ፋብሪካ ሠራተኛም፣ አስተናጋጅም

ዛሬ የማጫውታችሁ ስለ ብሩስ ሊ ነው። ምነው የካራቴ ሰው በኅብረታችን ጋዜጣ ላይ አትበሉኝ። እዚህ ብር አሕመድ የምሠራበት ቤት ልጆች ፊልሙን ከፍተው ሲያዩ፣ እኔ ልብስ እየተኮስኩ በጎን አየሁትና ልጅ ሳለሁ ቪዲዮ ቤት ውስጥ ያላስተዋልኩትን አስተዋልኩ። ሰውየው ብዙ ጊዜ የሚጫወተው ሰው ቤት ወይም ሰው አገር የሚሠራ ሰው ሆኖ ነው እኮ! ከዚያ በኋላ ታሪኩን ፈልጌ አነበብኩ። ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የጻፍኩት።

አባቱ የሆንግ ኮንግ የኦፔራ ተጫዋች ነበሩ። ለሥራ አሜሪካ ሄደው ሳለ በ1940 ሳን ፍራንሲስኮ ላይ ተወለደ። ገና የእቅፍ ሕፃን እያለ ለፊልም ተቀረጸ። ጥቂት ፊልም ሠርቶ ሞተ የሚባለው እንግዲህ ስሕተት ነው። ሆንግ ኮንግ ተመልሰው ሲያድግ፣ 18 ዓመት እስኪሞላው ሃያ ያህል ፊልም ሠርቷል። እነዚያ ደግሞ የእርግጫ ፊልሞች አይደሉም፤ ወላጅ አልባ፣ የጎዳና ልጅ፣ ኪስ አውላቂ ሆኖ የሚያስለቅስባቸው ናቸው። በ1958 ደግሞ በቻቻ ዳንስ ውድድር አንደኛ ወጥቷል። ካራቴ ብቻ መስሏችሁ ነበር አይደል?

ግን በየሰፈሩ ድብድብ አበዛ። ወላጆቹ ፈሩለትና በ1959 መቶ ዶላር አስይዘው በመርከብ ወደ አሜሪካ ሰደዱት። እዚያ በመወለዱ ወረቀት ነበረው፤ በዚህ ከብዙዎቻችን ይለያል። ሥራው ግን ያው የኛው ነው። ሲያትል ከተማ በቤተሰቡ ወዳጅ ምግብ ቤት ሳህን እያመላለሰ፣ ከምግብ ቤቱ በላይ ባለች ክፍል ያድር ነበር። እየሠራም ተማረ፣ ዩኒቨርሲቲ ገባ፣ የሚያውቀውን የቻይና ትግል ማስተማር ጀመረ። በ1964 ሊንዳ የምትባል አሜሪካዊት አገባ።

በ1966 ቴሌቪዥን ላይ ሥራ አገኘ። ምን ሆኖ መሰላችሁ? የአንድ ሀብታም ቤት አሽከርና ሾፌር! ካቶ ይባላል። ማታ ማታ ጭንብል አጥልቆ ከጌታው ጋር ወንበዴ ይመታል። ደሞዙ ከዋናው ተዋናይ በጣም ያነሰ ነበር፣ የሚሰጠውም ንግግር ጥቂት ነው። ሆንግ ኮንግ ያሉ ተመልካቾች ግን ዝግጅቱን በጌታው ስም መጥራት ትተው የካቶ ነው አሉት። ይህን ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ።

ተከታታዩ በአንድ ዓመት ቆመ። በ1970 ክብደት ሲያነሳ ወገቡን ተጎዳ፤ ሐኪሞቹ ከእንግዲህ አትራገጥም አሉት። ወራት ተኛ። ልጆች አሉ፣ ገንዘብ የለም፤ ሚስቱ ሥራ ገባች። ሲሻለው፣ አሜሪካ ዋና ተዋናይ ሊያደርጉት ስላልፈለጉ ወደ ሆንግ ኮንግ ተመለሰ።

በ1971 ታይላንድ ውስጥ የተሠራውን ፊልም ያላያችሁ እዩት። ከቻይና ለሥራ ወደ ታይላንድ ሄዶ በረዶ ፋብሪካ ይቀጠራል። እንዳይደባደብ ለእናቱ ቃል ገብቷል፣ አንገቱ ላይ ማስታወሻዋን አስሯል። ፋብሪካው በበረዶው ውስጥ አደንዛዥ ዕፅ ይደብቃል፤ ይህን ያዩ ሠራተኞች አንድ በአንድ ይጠፋሉ፤ ስለ እነሱ ሲጠየቅ አለቃው ያደናግራል። እሱን ደግሞ ካቦ አድርገው ሊያባብሉት ይሞክራሉ። አንዱ የአንገቱን ማስታወሻ እስኪበጥስበት ድረስ ግማሽ ፊልም ያህል እጁን ሰብስቦ ነው የሚቆየው። ልጅ ሳለን መቼ ይመታል እያልን ይህን ክፍል እንጠላው ነበር። አሁን የሚጨንቀኝ እሱ ክፍል ነው።

በ1972 ራሱ ጽፎ ራሱ ባዘጋጀው ፊልም ደግሞ የዘመዶቹን ምግብ ቤት ሊረዳ ሮም ይሄዳል። ቋንቋ አያውቅም። ኤርፖርት ላይ ምግብ በጣቱ እየጠቆመ ሲያዝ ሾርባ በሾርባ ላይ ይመጣለታል፣ አፍሮ ሁሉንም ይጠጣል። ዓረብኛ ሳናውቅ ዓደን የገባን ቀን ትዝ አይላችሁም?

ሐምሌ 20 ቀን 1973 ሆንግ ኮንግ ውስጥ ራሱን አመመው፣ የሕመም ማስታገሻ ክኒን ወስዶ ጋደም አለ፤ አልነቃም። ቪዲዮ ቤት ጠላት መረዘው እያሉ ያወሩልን ነበር፤ ሐኪሞች ያገኙት ግን የአንጎል እብጠት ነው። ዕድሜው 32 ነበር። በዓለም ሁሉ ያስጠራው የመጨረሻው ፊልም አሜሪካ የታየው ከወር በኋላ ነው። አስከሬኑን ሚስቱ ወደ ሲያትል ወስዳ፣ ሳህን ሲያመላልስባት በነበረችው ከተማ ቀበረችው። በ1993 ደግሞ በፊልም ሥራ ላይ ሳለ የሞተው ልጁ ብራንደን ከጎኑ ተቀበረ።

እህታችሁ፣ ከብር አሕመድ