የንግሥቲቱ የመጻሕፍት ሹምና ኵርዓተ ርእሱ

የመቅደላ ዘመቻ በተነሣ ጊዜ የጄኔራል ናፒየርን ስም የማያውቅ ተማሪ የለም። እኛ ግን በዚህ የበዓል መጽሐፍ ልንተርክ የወደድነው ለመዋጋት ሳይሆን ለመሰብሰብ ስለ መጣው ስለ ሪቻርድ ሪቪንግተን ሆልምስ ነው። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታት፣ ዓ.ም. ካልተባለ በቀር፣ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

ሆልምስ በ1835 በእንግሊዝ አገር ተወለደ። አባቱ በብሪቲሽ ሙዚየም የብራና መጻሕፍት ክፍል ረዳት ሹም ነበር። እርሱም በ1854 ገና በ18 ዓመቱ፣ ማለት በእኛ ዕድሜ፣ እዚያው ክፍል ገባ። ሥዕልም አሳምሮ ይሥል ነበር።

የእንግሊዝ ጦር በኢትዮጵያ ላይ ሲዘምት ሙዚየሙ ሆልምስን ገንዘብ አስይዞ ላከው። ጦሩ ከዙላ ተነሥቶ በሰንዓፌና በእንጣሎ አድርጎ የራያን ቆላ ቁልቁል በሚያየው ደጋ፣ በሐሸንጌ ሐይቅ አጠገብ አለፈ። ወላጆቻችን ወደ ኮረም ገበያ ሲወጡ የሚያዩት ደጋ ማለት ነው።

ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. መቅደላ ተያዘ፤ ዐፄ ቴዎድሮስም እጄን አልሰጥም ብለው ራሳቸውን ሠዉ። ሆልምስ የንጉሡን ሬሳ ፊት በወረቀት ላይ ሣለ። ከአንድ ወታደርም የወርቅ ዘውድና የወርቅ ጽዋ በ4 ፓውንድ ገዛ። ከዚያ በኋላ ምርኮው በደላንታ ሜዳ ሐራጅ ሲባል የሙዚየሙን ገንዘብ የያዘውን ሆልምስን የሚወዳደረው አልተገኘም። 350 ያህል የብራና መጻሕፍትም ለሙዚየሙ ሰበሰበ። ምርኮው በ15 ዝሆኖችና በ200 ያህል በቅሎዎች ተጭኖ ነበር።

አንድ ነገር ግን ለሙዚየሙ ሳያስረክብ ለራሱ አስቀረ። ይህም ኵርዓተ ርእሱ የሚባለው፣ ጌታችንን የእሾህ አክሊል ደፍቶ የሚያሳየው ሥዕል ነው። ሥዕሉ የአውሮፓ ሰው እጅ ሥራ ሲሆን በ16ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ እንደ ተሣለ ይታመናል። ነገሥታቱ ወደ ጦርነት ይዘውት ይዘምቱ፣ መኳንንቱም በፊቱ ይምሉ ነበር። በ1744 በዳግማዊ ኢያሱ ዘመን በስናር ጦርነት ተማርኮ በብዙ ወርቅ ተዋጅቶ ተመልሷል። ሆልምስ ያገኘው ከዐፄ ቴዎድሮስ አልጋ በላይ ተሰቅሎ ነው።

በ1870 ሆልምስ በዊንዘር ግንብ የንግሥት ቪክቶሪያ ቤተ መጻሕፍት ሹም ሆነ። የቤተ መንግሥቱ ሥዕሎችና ንድፎችም በእጁ ነበሩ። ሁለት ዓመት ቈይቶ ዐፄ ዮሐንስ ክብረ ነገሥትና ኵርዓተ ርእሱ እንዲመለሱላቸው ወደ ንግሥቲቱ ጻፉ። ክብረ ነገሥት ተመለሰ። ስለ ሥዕሉ ግን ዱካው እንዳልተገኘ፣ ወደ እንግሊዝም መጥቷል ተብሎ እንደማይታሰብ መልስ ተሰጣቸው። ሥዕሉ ግን በንግሥቲቱ የገዛ ሹም እጅ ነበር! የሥዕልን ዋጋ የሚያውቅ ሰው ይህን ሳይገባው ዝም አለ ለማለት እኛ አንደፍርም።

ዐፄ ዮሐንስ በ1889 በመተማ ወደቁ። ሆልምስ የሥዕሉን ፎቶግራፍ በለንደን የሥዕል መጽሔት ያሳተመው ከዚያ 16 ዓመት በኋላ፣ በ1905 ነው። የሰርነትን ማዕረግ አግኝቶ በ1906 ከሥራው ተሰናበተ፤ በ1911 ሞተ። ሥዕሉ በ1917 በለንደን በሐራጅ ተሸጠ፤ በ1950 እንደገና ተሸጦ ወደ ፖርቱጋል ተሻገረ፤ እዚያም በግለሰብ እጅ ገባ።