ከመቅደላ እስከ ለንደን
የሐኪም ወርቅነህ እሸቴ አጭር የሕይወት ታሪክ

ትምህርት ቤታችን የተመሠረተበትን በዓል ምክንያት በማድረግ በሚወጣው በዚህ መጽሔት፣ የተማሩትን ለአገር ጥቅም ካዋሉት አባቶች የአንዱን ታሪክ በአጭሩ ለማቅረብ ወደድን። እኒህም በሐኪምነት፣ በአገረ ገዥነት፣ በመጨረሻም በመልእክተኛነት ያገለገሉት ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ ናቸው።

ሐኪም ወርቅነህ በ1857 ዓ.ም. በጎንደር ተወለዱ። በ1860 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር መቅደላን ሲይዝና ዐፄ ቴዎድሮስ ሲሞቱ ገና ሕፃን ነበሩ። በዚያ ሁከት ከወላጆቻቸው ተለይተው ስለ ተገኙ አንድ የእንግሊዝ መኮንን ወደ ህንድ ወሰዳቸው። እሱም ሲሞት ማርቲን የተባለ ሌላ መኮንን የትምህርታቸውን ወጪ ቻለ፤ ከሁለቱም መኮንኖች ስም ቻርልስ ማርቲን ተባሉ። በሚሲዮን ትምህርት ቤት ከተማሩ በኋላ በላሆር ሕክምና አጠኑ፤ በስኮትላንድም ትምህርታቸውን አስፋፍተው በበርማ የመንግሥት ሐኪም ሆኑ።

ኑሯቸው የተደላደለ ነበር። ነገር ግን በ1888 ዓ.ም. የዐድዋ ድል ከተሰማ በኋላ የተወለዱባትን አገር ለማየት ልባቸው ተነሣሣ፤ ጥቂት ዓመታት ቆይተውም አዲስ አበባ ገቡ። መምጣታቸውን የሰሙት አያታቸው በገላቸው ላይ ባለው ጠባሳ አወቋቸው። እሳቸው ግን አማርኛ ጠፍቶባቸው ስለ ነበረ ከገዛ አያታቸው ጋር የተነጋገሩት በአስተርጓሚ ነው። ከታሪካቸው ሁሉ እኛን እጅግ የሚነካን ይህ ነው። ሐኪሙ የእናታቸውን ቋንቋ እንደ ገና ተማሩ፤ በኋላም የዓለምን ጂኦግራፊ በአማርኛ ጽፈው እስከ ማሳተም ደረሱ።

ወደ በርማ ተመላልሰው በመጨረሻ አገራቸው ከረጉ በኋላ ብዙ ሥራ ተሰጣቸው። በ1917 ዓ.ም. የተከፈተው የተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት የበላይ ተቆጣጣሪ ሆኑ። ከባርነት ነጻ የወጡ ልጆች የሚማሩበትንም ቤት አቋቋሙ። በ1920 ዓ.ም. ስለ ጣና ሐይቅ ግድብ ለመነጋገር ወደ አሜሪካ ተላኩ። ከዚያም የጨርጨር አገረ ገዥ ሆነው የአሰበ ተፈሪን ከተማ አሳመሩ፤ መንገድ አስጠረጉ፤ ግብሩን በሥርዓት አደረጉ፤ ሹማምንቱም ደመወዝተኛ እንዲሆኑ በማድረጋቸው ጨርጨር ለሌሎች አውራጃዎች ምሳሌ ሆነ።

በ1927 ዓ.ም. በለንደን የኢትዮጵያ ባለሙሉ ሥልጣን ሚኒስትር ሆነው ተሾሙ፤ ሥራው ዛሬ አምባሳደር የሚሠራው ነው። ጊዜው ክፉ ነበር። የእንግሊዝ መንግሥት ለሁለቱም ወገን መሣሪያ እንዳይሸጥ ለጥቂት ወራት ከልክሎ ነበር፤ ይህ ክልከላ የጦር መሣሪያ ፋብሪካ ያላትን ኢጣልያን ሳይሆን ኢትዮጵያን ጎዳ። መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. ጦርነቱ ተጀመረ። በሕፃንነታቸው ከመቅደላ የወሰዳቸው ሕዝብ ፊት ሐኪም ወርቅነህ በሰባ ዓመታቸው ቆመው፣ በገዛ ቋንቋው ስለ አገራቸው ተከራከሩ። በየስብሰባው ተናገሩ፤ ብድርና መሣሪያ ለመኑ፤ ለቁስለኞችም ርዳታ ጠየቁ።

ድካማቸው ጦርነቱን አላስቆመም። በእንግሊዝ አገር ተምረው ወደ ኢትዮጵያ የተመለሱት ልጆቻቸው ቢንያምና ዮሴፍ በየካቲት 1929 ዓ.ም. በፋሽስቶች እጅ ተገደሉ። አባት ይህን መራራ ኀዘን የተቀበሉት በባዕድ አገር ሳሉ ነው። ከነጻነት በኋላ ወደ አገራቸው ተመልሰው በ1945 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ዐረፉ።

እኛም ትምህርታችንን ፈጽመን ለመውጣት የተቃረብን ተማሪዎች አብዛኛውን ትምህርት የምንማረው በባዕድ ቋንቋ ነው። አንዳንዶቻችን በዚህ ስንኮራ፣ ወላጆቻችን ሲያናግሩን አማርኛችን እየተሰባበረ እንመልሳለን። ሐኪም ወርቅነህ ቋንቋቸውን ያጡት ተወስደው ነው፤ እኛ ግን በቤታችን ተቀምጠን ብንጥለው ምን ምክንያት እናቀርባለን? እሳቸው እንግሊዝኛን ያገር ጠበቃ አደረጉት፤ አማርኛን ደግሞ ጎልምሰው ተማሩት። እኛም ሁለቱን አስተባብረን ለመያዝ እንትጋ።