ከመቅደላ የጠፋው ሌላኛው ልጅ

እንግሊዞች ከመቅደላ የወሰዱትን የልዑል አለማየሁን ታሪክ የማያውቅ የለም። በዚያው ቀን፣ ከዚያው አምባ የተወሰደ ሌላ ሕፃን እንደነበረ ግን ስንቶቻችን ሰምተናል?

መቅደላ ከመካነ ሰላም ወደ ሰሜን ምሥራቅ ያለችው፣ ዛሬ አምባ ማርያም የምንላት ናት። ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር አምባውን ጥሶ ገባ፤ አፄ ቴዎድሮስም ራሳቸውን ሰዉ። በዚያ ሁሉ ተኩስና ግርግር መሃል የነጋድራስ እሸቴ ልጅ፣ የጎንደሩ ወርቅነህ፣ ከቤተሰቡ ተነጠለ። ዕድሜው ገና ሦስት ዓመት ገደማ ነው። ኮሎኔል ቻምበርሌን የሚባል መኮንን አነሳውና ወደ ህንድ ይዞት ሄደ።

ብዙም ሳይቆይ ቻምበርሌን ሞተ። ልጁ ሁለተኛ ጊዜ ሰው አልባ ሆነ ማለት ነው። የትምህርቱን ወጪ ኮሎኔል ማርቲን የተባለ ሌላ መኮንን ቻለለት። ከሁለቱ ሰዎች ስም ተወስዶም ቻርልስ ማርቲን ተባለ። እናት የለ፣ አገር የለ፣ አማርኛም ጠፋ። በ1874 ዓ.ም. ላሆር ላይ በህክምና ተመረቀና በርማ ውስጥ ሐኪም ሆኖ ሠራ።

የአድዋ ድል ወሬ ሲሰማ ግን ልቡ አላስቻለውም። በ1891 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገቡ (ከዚህ በኋላማ አንቱ ነው የምላቸው)፤ ድንኳን ተክለውም ሕመምተኛ ማከም ጀመሩ። ከአገራቸው ሰው ጋር የሚነጋገሩት በአስተርጓሚ ነበር።

የሐኪሙ ወሬ አያታቸው ጆሮ ደረሰ። አሮጊቷ መጡና ሰውነታቸው ላይ የነበሩትን ጠባሳዎች አይተው ለዩአቸው። ሰላሳ ዓመት ሙሉ የራሳቸውን ስም ሳያውቁ የኖሩት ሰው፣ ወርቅነህ መሆናቸውን ያን ቀን ሰሙ።

ከዚያ በኋላ አፄ ምኒልክን አክመዋል። በ1917 ዓ.ም. የተከፈተውን የተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት መርተዋል፤ ጨርጨርንም አስተዳድረዋል። እኔን ይበልጥ የሚነካኝ ግን ከባርነት ነፃ ለወጡ ልጆች የተከፈተውን ትምህርት ቤት መምራታቸው ነው። ከእናቱ ጉያ ተነጥቆ፣ ሰው ባወጣለት ስም ማደግ ምን እንደሆነ ከእሳቸው በላይ ማን ያውቃል? ለእነዚያ ልጆች ይህ ታሪክ አልነበረም፣ የትናንት ኑሯቸው ነው።

በ1927 ዓ.ም. ደግሞ የኢትዮጵያ መልዕክተኛ ሆነው ለንደን ሄዱ። አስቡት፣ በሦስት ዓመታቸው ማርኮ የወሰዳቸው መንግሥት ዘንድ ለአገራቸው ሊከራከሩ! ጣሊያን ሲወርረን መሣሪያና ገንዘብ ለማግኘት ያላንኳኩት በር የለም።

እሳቸው ለንደን እያሉ፣ እንግሊዝ አገር ተምረው የተመለሱት ልጆቻቸው ዮሴፍና ቢንያም ከጥቁር አንበሳ አርበኞች ጋር ነበሩ። ከየካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በኋላ ጣሊያኖች ሁለቱንም ገደሏቸው።

ጣሊያን ሲወጣ ሐኪም ወርቅነህ አርጅተው አገራቸው ገቡ። በ1945 ዓ.ም. እዚሁ አዲስ አበባ አረፉ።